ሃምሳ አራት ቤት

የካቲት ሦስት ቀን ሁለት ሺህ አንድ ዓመተ ምሕረት፣ ማክሰኞ ጧት፣ የነነዌ ጾም በገባ በሁለተኛው ቀን፣ አዘዘ የሃምሳ ስድስት ዓመት ሰው ሳለ፣ ከስሎተርቫርት ወደ አምስተርዳም ማዕከላዊ ባቡር ጣቢያ በሚሄደው ትራም ላይ ቆሞ ነበር። ባዶ መቀመጫ ጠፍቶ አይደለም፤ ከተቀመጠ በኋላ የሚነሣበትን ጉልበት የሚያጣ መስሎት ነው። በእጁ ሾፌሩ ማኅተም የመታባትን ረጅም የወረቀት ትኬት አጥፎ ይዟል።

ከፊቱ፣ ኮፍያውን ጉልበቱ ላይ አድርጎ የተቀመጠው ሞራድ ነው። ሞራድ ፋርስኛ ተናጋሪ ኢራናዊ፣ በዕድሜ ከአዘዘ ጥቂት የሚበልጥ፣ እጆቹ እንደ አካፋ የሰፉ የገጠር ሰው ነበር። ጥገኝነት ጠይቆ የመጨረሻ መልሱን እስኪያገኝ ድረስ በአዘዘ ሕንፃ ውስጥ፣ ሁለት ፎቅ ዝቅ ብሎ፣ ከወንድሙ ልጅ ቤት ተጠግቷል። ሁለቱ ሰዎች የሚግባቡት በተሰባበረ ደችኛ ነው፤ አንዱ ያጣውን ቃል ሌላው በእጁ ይሞላለታል።

«አጋ አዘዘ» አለ ሞራድ። በአገሩ ወግ ለተከበረ ሰው የሚሰጠውን «አጋ» ሳያስቀድም ጠርቶት አያውቅም። «ያንን ቦይ ተመልከት። አፍ እስከ ገደፉ ሞልቶ የሚጣላበት የለም። እኔ እዚህ አገር ተወልጄ ቢሆን ኖሮ በረሃብ አልቅ ነበር።»

«ለምን?»

«ውሃ ማካፈል እንጂ ውሃ ማባረር መቼ ተማርኩና!»

አዘዘ ሊስቅ ሞከረና ተወው።

የሞራድ መንደር ከላተ ገርዱ ትባላለች። ከቢርጃንድ ከተማ በስተደቡብ፣ አስፋልቱ ካለቀበት በአህያ የሁለት ሰዓት መንገድ ተኪዶ፣ ሁለት ራቁት ተራሮች በሚገናኙበት እጥፋት ውስጥ ትገኛለች። ከምድር ሥር በተቆፈረ ረጅም መስኖ የምትመጣ አንዲት ውሃ አለቻት። የሞራድ አያት፣ ኋላም አባቱ፣ በመጨረሻም ሞራድ ራሱ ያችን ውሃ ለየቤቱ የሚያካፍሉ ሹሞች ነበሩ፤ ሹመቱም ሚራብ ይባላል። የሚራብ መሣሪያው ታችዋ የተበሳ ትንሽ የመዳብ ጣሳ ናት። ጣሳዋ ውሃ በተሞላ ገበታ ላይ ትንሳፈፋለች፤ ቀስ እያለች ሞልታ ስትሰጥም የአንድ ቤት ተራ ያበቃል፤ ሚራቡም አንድ ጠጠር ወደ ጎን ያኖራል። ሃምሳ አራት ቤት፣ ሃምሳ አራት ጠጠር። ሞራድ ይህን ቁጥር እንደ ስሙ ያውቀው ነበር። አንድ ባለጊዜ የመንደሩን ውሃ ወደ ራሱ የሳፍሮን ቅመም እርሻ በጠለፈ ጊዜ፣ ሞራድ ከነወንድሙ ቆሞ መሰከረ፤ ወንድሙ በጥይት ወደቀ፤ ሞራድ ነፍሱን ይዞ ወጣ።

ያንን ቁጥር ከሞራድ አፍ የነጠቀው አዘዘ ነው።

ነገሩ የሆነው ከዚህ ጉዞ አሥራ አራት ወር ቀደም ብሎ ነበር። ሞራድ ለመጀመሪያው ቃለ መጠይቅ ሊቀርብ ሁለት ቀን ሲቀረው፣ ሕንፃው በር ላይ ካለው አግዳሚ ወንበር ተቀምጠው ሳሉ ምክር ጠየቀው።

«አንተ ከእኔ በፊት ያለፍክበት ነህ። ምን ይሉኛል?»

«መንደርህ የት እንደሆነች ይጠይቁሃል። ስንት ሰው እንዳለባት ይጠይቁሃል።»

«እሱማ ቀላል ነው!»

«ቀላል አይደለም» አለው አዘዘ፤ ፊቱም በአንድ ጊዜ ጠቆረ። «መንግሥት ሰው ሲቆጥር ለመውሰድ ነው። የሰው ቁጥር ሲጠይቁህ አሳንስ። ሃምሳ ከሆነ ሃያ በል።»

ሞራድ ጢሙን እያሻሸ አሰበ። ከኢራቅ ጋር በተደረገው ጦርነት ጊዜ ጎረምሶችን ጭነው የወሰዱ የጭነት መኪኖችን እሱም አይቷል። «እውነትህን ነው» አለ። ሄዶም ሃያ ቤት አለ። የመጣለት መልስ አጭር ነበር። አመልካቹ የውሃ አካፋይ ነበርኩ ይላል፤ ውሃ ያካፈለላቸውን ቤቶች ቁጥር ግን አያውቅም፤ ስለዚህ የዚያች መንደር ሰው መሆኑ አይታመንም።

ይግባኙ የሚሰማው በዚህ ማክሰኞ ከሰዓት በኋላ፣ ዴንሃግ በሚገኘው ፍርድ ቤት ነው። አዘዘ ምስክር ሆኖ ተጠርቷል፤ ቀድመው ግን ሮተርዳም ካለችው ጠበቃ ዘንድ መድረስ ነበረባቸው።

ጧት ከቤት ሲወጣ ሚስቱ የትነበርሽ ደጃፍ ድረስ ተከትላዋለች። በአረጋውያን መጦሪያ የምትሠራ፣ ድምፅዋን ከፍ አድርጋ የማታውቅ ሴት ናት።

«አሳንስ ብዬዋለሁ በል፣ እዚያው ላይ አቁም» አለችው።

«ለምን አልከው ቢሉኝስ?»

«እኛ አገር ልማድ ነው በላቸዋ! የሰውየውን ቤት አቆማለሁ ስትል የእኔን እንዳታፈርስብኝ።»

ነርስነት የምታጠናው ልጃቸው ሳሌም ጫማዋን እያሰረች ከኮሪደሩ ብቅ አለች። «ፓፓ፣ ምን ሆነህ ነው እንዲህ የምትጨነቀው? ጌዎን የሆነውን ትነግራቸዋለህ፣ ክላር!» አለችው፤ እንዲሁ ተናግሮ መጨረስ ነው ማለቷ ነበር። እናትና አባት ተያዩ። ልጅቱ የማታውቀው ነገር ነበር።

ባቡሩ ሌይደንን አልፎ ወደ ደቡብ ሲገሠግሥ፣ ሞራድ ጭንቅላቱን መስኮቱ ላይ አስደግፎ ሲያንቀላፋ፣ አዘዘ ያንን ነገር ከልቡ እንደገና አወጣው፤ እንደገናም መለሰው። በሺህ ዘጠኝ መቶ ሰባ ስድስት ዓመተ ምሕረት፣ በግንቦት ወር፣ የአገሪቱ ሕዝብ ሲቆጠር፣ አዘዘ በመርሐቤቴ የአንድ ገበሬ ማኅበር ጸሐፊ ነበር። ቆጣሪውን ከቤት ወደ ቤት የሚመራው እሱ ነው። እናቶች የሰው ቁጥር መዓት ይጠራል ብለው ልጆቻቸውን ከጎተራ ኋላ ሲሸሽጉ፣ «ለልማት ነው፣ አትፍሩ» እያለ አስወጣቸው። ስምና ዕድሜያቸውንም ለማኅበሩ በራሱ ደብተር፣ በንጹሕ የእጅ ጽሑፍ ገለበጠ። የብሔራዊ ውትድርና ኮታ በመጣ ጊዜ ሊቀመንበሩ እጁን የዘረጋው ወደዚያ ደብተር ነው። ልጆቹ አንድ በአንድ ከገጹ ላይ ተነበቡ።

ሆላንድ ገብቶ ጥገኝነት ሲጠይቅ ግን «አስተማሪ ነበርኩ» ብሎ አስመዘገበ። በደርግ ዘመን ሥልጣን የያዘ ሰው፣ ጸሐፊም ቢሆን፣ ይባረራል የሚል ወሬ በስደተኞች መጠለያ ውስጥ ይናፈስ ነበር። የእሱ ወረቀት፣ የየትነበርሽ ወረቀት፣ እዚሁ የተወለደችው የሳሌም ፓስፖርት፣ ሁሉም በዚያች አንዲት ቃል ላይ ቆመዋል።

ጠበቃዋ ኤሊ ትባላለች። ቢሮዋ ከሮተርዳም ባቡር ጣቢያ ብዙ ሳይርቅ ከአንድ የብስክሌት ሱቅ በላይ ነበር፤ ጥግ ላይ ያለው ፋክስ እየጮኸ ወረቀት ይተፋል። ቡናና ብስኩት አቀረበችላቸው፤ አዘዘ እጁን ደረቱ ላይ አድርጎ ጾመኛ ነኝ አለ።

ኤሊ ወደ ሞራድ ዞረች። «ረመዳን ገባ እንዴ?»

«እኔን ተይኝ፣ እሱ ነው እንጂ!» አለ ሞራድ፣ ሁለት ብስኩት በአንድ ጊዜ እያነሣ። «የነነዌን ጾም ነው የሚጾመው። እኛም ነነዌን እናውቃታለን፣ የነቢዩ ዩኑስ ከተማ ናት።»

«ስንት ሰው ነበረባት?» አለች ኤሊ በቀልድ፤ ያን ሰሞን ከቁጥር በቀር የምታስበው አልነበረም።

«ከመቶ ሃያ ሺህ የሚበልጥ፣ ቀኙን ከግራው የማይለይ ሰው» አለ አዘዘ። መጽሐፉን በቃሉ ያውቀዋል።

«ማን ቆጠራቸው?»

«እግዚአብሔር።»

«እሱን ምስክር ብናገኝ መልካም ነበር» አለችና አንድ ወረቀት ጠረጴዛው ላይ ዘረጋች። በኢራናውያን አቆጣጠር በሺህ ሦስት መቶ ሰማንያ አምስት ዓመት የተደረገው ቆጠራ ነው። ከላተ ገርዱ፤ ሃምሳ አራት ቤተሰብ፤ ሁለት መቶ ሠላሳ አንድ ነዋሪ። ሞራድ ቁጥሩን በጣቱ ዳበሰው።

«አቶ አዘዘ፣ ልብ ብለው ያድምጡኝ» አለች ኤሊ። «ይህን ወረቀት ማንም ሰው ከኢንተርኔት አንብቦ መምጣት ይችላል ይሉኛል። ስለዚህ ጉዳዩ ያለው እርስዎ ዘንድ ነው። ዳኛው ለምን ብሎ ይጠይቅዎታል። ሰው ያለ ምክንያት የጓደኛውን መንደር አያሳንስም። ምክንያቱን ከነገሩት ያምናል። ካልነገሩት ቀዳዳ ሊደፍን የመጣ ጎረቤት ነው የሚሆኑት። ምክንያት አለዎት?»

«አለኝ» አለ አዘዘ።

«ለእኔ ይነግሩኛል?»

«እዚያ እናገረዋለሁ።»

ኤሊ ትኩር ብላ አየችው። ሰዓቷን ተመለከተችና ካፖርቷን አነሣች።

ከሰዓት በኋላ ስምንት ሰዓት ላይ ችሎቱ ተሰየመ። አዳራሹ ጠባብና ብሩህ ነበር። ዳኛው ጥቁር ካባ ለብሰው፣ ከአንገታቸው ነጭ ጨርቅ አንጠልጥለው ከፍ ባለው ጠረጴዛ ተቀመጡ፤ በስተግራቸው መዝጋቢዋ፣ በስተቀኝ የመንግሥት ተወካዩ፣ ከሞራድ ጎን ደግሞ ፋርስኛ አስተርጓሚ። አዘዘ ሲጠራ ቆመ። ኤሊ እንዳስተማረችው ዳኛውን «ኤደልአኽትባረ» ብሎ በማዕረጋቸው ጠራ።

ዳኛው ሁለት መንገድ እንዳለ አስረዱት፤ ምስክር ከፈለገ በእግዚአብሔር ስም ይምላል፣ ካልፈለገ ቃል ይገባል። አዘዘ በቤቱም ሆነ በደብሩ ሃይማኖተኛ መሆኑ የታወቀ ሰው ነው። ሆኖም «ቃል እገባለሁ» አለ። ይህን ሲመርጥ በእግዚአብሔር ስም ምሎ ላለመደበቅ እንደሆነ እሱ ራሱ ያውቃል፤ ለየትነበርሽም ኋላ ነግሯታል።

«አመልካቹ ሃያ ቤት እንዲል የመከሩት እርስዎ ነዎት?»

«እኔ ነኝ፣ ኤደልአኽትባረ።»

«እውነተኛውን ቁጥር በዚያን ጊዜ ነግሮዎት ነበር?»

«ሃምሳ አራት ብሎኛል።»

«ታዲያ ለምን እንዲያሳንስ ነገሩት?»

መዝጋቢዋ እጆቿን መጻፊያው ላይ አድርጋ ጠበቀች። አዘዘ አፉን ከፈተ። የመርሐቤቴው ደብተር ምላሱ ላይ ነበር፤ አንድ ትንፋሽ ቢገፋው ይወጣ ነበር። በዚያች ቅጽበት ግን ያየው ሳሌም ጫማዋን ስታስር ነው።

«እኛ አገር… ልማድ ነው» አለ።

«ልማድ?» አለ የመንግሥት ተወካዩ፤ አንዲት ቃል ጻፈና እስክሪብቶውን አስቀመጠ።

ዳኛው ወደፊት ጠጋ አሉ። «የሚጨምሩት ነገር አለ? ጊዜ አለን።»

ዳኛው ይህን ያሉት ከልባቸው ነበር። አዘዘ ከዚያ ቀን በኋላ ብዙ ነገር ሲረሳ ያንን «ጊዜ አለን» የሚለውን ቃል አልረሳም።

«የለኝም» ብሎ ተቀመጠ። ኤሊ ዓይኗን ከፊቷ ካለው ወረቀት አላነሣችም። ፍርዱ በስድስት ሳምንት ውስጥ በጽሑፍ እንደሚደርስ ተነገራቸው።

ደጅ ሲወጡ ሞራድ የአዘዘን እጅ በሁለት እጁ ያዘ። «ሰው ፊት ቆመህ ጥፋቱ የእኔ ነው አልክ። ወንድም እንኳ አያደርገውም። ና፣ ባሕር አሳየኝ፤ እዚህ አገር ከመጣሁ ባሕር አላየሁም።»

በትራም ወደ ስኬቨኒንገን ወረዱ። በብርዱ ወራት የባሕሩ ዳርቻ ምግብ ቤቶች ተዘግተዋል፤ ነፋሱ አሸዋውን እየጠረገ ፊት ላይ ይበትናል። ሞራድ ከአንድ መደብር የተጠበሰ ድንች በወረቀት ይዞ መጣና በሲሚንቶው አግዳሚ ላይ መሃላቸው አስቀመጠው።

«ብላ። ሰዓቱ ደርሷል አይደል? ዘይቱ የአትክልት ነው፣ ጠይቄልሃለሁ።»

አዘዘ አንዲት ድንች አነሣና መልሶ አስቀመጠ። ከዚያም አቀርቅሮ ሁሉንም ነገረው፤ ቆጠራውን፣ ደብተሩን፣ ሊቀመንበሩን፣ አስተማሪ ነበርኩ ያለበትን ወረቀት። ቃል ሲያጥረው ቆም ይላል፤ ሞራድም በዚያን ጊዜ እጁን አንሥቶ አልረዳውም።

«ስንት ልጆች ናቸው?» አለ በመጨረሻ።

«አሥራ ሰባት። አንዱ የእኅቴ ልጅ ነው።»

«ስንት ተመለሱ?»

«ሦስት። የእኅቴ ልጅ ከነሱ የለበትም።»

ሞራድ ኮፍያውን እስከ ጆሮው አወረደ።

«ይህን ለዳኛው ብትነግራቸው ያምኑህ ነበር» አለ። «እኔ አሁን አምኜሃለሁ። የእኔ ማመን ግን ማኅተም የለውም።»

«አሁንም እጽፍላቸዋለሁ። ነገ እጽፋለሁ።»

«ጻፍ እንግዲህ። ጽሕፈትህ ጥሩ ነበር ብለሃል አይደል? ወረቀት አውጣ።»

አዘዘ የፍርድ ቤቱን መጥሪያ ከኪሱ አወጣና ጀርባውን ገለበጠ። ሞራድ ዓይኑን ጨፍኖ የከላተ ገርዱን ቤቶች በውሃ ተራቸው ይቆጥር ጀመር። አንደኛው ቤት፣ የመስጊዱ ጠባቂ፣ ከነሚስቱ አራት ነፍስ። ሁለተኛው፣ ሁለት ሽማግሌ ወንድማማቾች፣ አይነጋገሩም፣ ውሃቸው ግን አንድ ነው። ሦስተኛው ሰባት ነፍስ፣ ስምንተኛዋ በመንገድ ላይ ነበረች፣ አትቁጠራት። እየቆየ ድምፁ ጠነከረ፤ በአንዳንዱ ቤት ላይ ሳቀ፣ በወንድሙ ቤት ላይ «አራት… አይ፣ ሦስት» ብሎ አለፈ። ሃምሳ አራተኛው ቤት ሲያበቃ ውሃውና ሰማዩ አንድ ግራጫ ሆነው ነበር። አዘዘ ደመረ፤ ደግሞ ደመረ።

«ሁለት መቶ ሠላሳ ሦስት። ከመንግሥት ቁጥር ሁለት በለጠ።»

«የመበለቲቱ ልጆች ናቸው» አለ ሞራድ። «ቆጣሪው ሲመጣ ከበጎቹ ጋር ተራራ ሰደደቻቸው። እሷን እንኳ ማንም አልመከራት!»

ሁለቱም አልሳቁም።

ነገ ያለው ደብዳቤ ግን በነጋታው አልተጻፈም። ከሥራ ሲመለስ ይቀመጣል፣ ሁለት መስመር ይጽፋል፤ የትነበርሽ ሳህን ስታነሣ ወረቀቱን አይታ ምንም አትልም፤ እሱም አጣጥፎ ያስቀምጣል። ስድስቱ ሳምንት እንዲህ አለቀ። ምስክሩ የሰጠው ምክንያት አጥጋቢ ሆኖ አልተገኘም የሚለው ፍርድ በደረሰ በሦስተኛው ቀን ሞራድ ከወንድሙ ልጅ ቤት ወጣ። ስልኩ አይነሣም። አንዱ ዛንዳም መጋዘን ውስጥ አየሁት አለ፤ ሌላው ወደ አገሩ ተመልሷል አለ።

ያን ጊዜ አዘዘ ቁጭ ብሎ ሳይነሣ ጽፎ ጨረሰ። ደችኛውን እንድታርምለት ለሳሌም ሰጣት። ልጅቱ እስከ መጨረሻው አነበበች፤ ሦስት ፊደል ብቻ አስተካከለች።

«ፓፓ» አለች ወረቀቱን እየመለሰችለት፣ «ይህን የዚያን ጧት ብትሰጠኝ እኮ አብሬህ እሄድ ነበር።»

ኤሊ ደብዳቤው እንደደረሳት፣ እንደምታምነውም፣ ደንበኛዋን ግን ልታገኘው እንዳልቻለች ጽፋ መለሰች። የአዘዘን የድሮ መዝገብ አንሥቶ የጠየቀ ሰው ግን በዚያ ዓመትም፣ ከዚያም ወዲህ፣ አንድ ስንኳ አልመጣም። የፈራው ነገር ሳይደርስ ቀረ።

ይህ ሁሉ ከሆነ ብዙ ዘመን አልፏል። የባቡሩን አቅጣጫ፣ የችሎቱን ሥርዓት፣ ወደ መንደሪቱ የሚያደርሰውን መንገድ ርቀት አሳስቼ ጽፌ እንደሆነ፣ የሚያውቅ አንባቢ ሳይሳቀቅ ያርመኝ። ስለ ሕዝቧ ቁጥርም እንዲሁ፤ ከዚያ ወዲህ የተወለደም የሞተም ይኖራልና። ከላተ ገርዱ ደርሶ የተመለሰ ሰው ቢገኝ፣ ዛሬ ስንት ሰው እንዳለባት፣ ሞራድም ከነዋሪዎቿ ጋር ተቆጥሮ እንደሆነ ቢጽፍልኝ፣ በዚህ ጽሑፍ ላይ አስተካክለዋለሁ።